የታሸገው ሦስተኛ ክፍል

የዓመቱ ቆጠራ በተጀመረበት ቅዳሜ ጠዋት በቀዝቃዛው መጋዘን የተገኙት አምስት ሰዎች ነበሩ፤ የመጋዘኑ ኃላፊ፣ ዕቃ ደርዳሪው የባሏ ታናሽ ወንድም፣ ከዋናው መሥሪያ ቤት የመጣው ኦዲተር፣ የማቀዝቀዣው መካኒክና የበሩ ዘበኛ። የጭነት መኪኖች በዚያ ቀን እንዳይመጡ ተነግሯቸዋል። ቢሮው ተዘግቷል። ከአምስቱ ሁለቱ አይነጋገሩም።

የማይነጋገሩት ኃላፊዋና ዋርሳዋ ናቸው።

እሷ ለዚያ ቤተሰብ ምራት ሆና ስትገባ እሱ ገና ደብተር ተሸክሞ የሚመላለስ ተማሪ ነበር። ሸሚዙን ያጠበችለት፣ ትኩሳት ሲይዘው አጠገቡ ተቀምጣ ያነጋችው፣ ኋላም አለቆቿን ለምና እዚህ ሥራ ያስገባችው እሷ ናት። እሱም «እታለም» ይላት ነበር እንጂ በስሟ ጠርቷት አያውቅም። ጎርምሶ ልብሱን መተኮስ፣ ጫማውን መወልወል፣ አንገቱን ቀና አድርጎ መራመድ ሲጀምር የሥራ ባልደረቦቹ «ቀብራራው» አሉት። ስሙ ልክክ አለበት። ካርቶን ሲሸከም እንኳ የእጅጌው ቁልፍ አይፈታም።

ታዲያ ባለፈው ክረምት ቀብራራው ሊያገባት ያሰባትን ልጅ ቤት ይዞ መጣ። ልጅቷ ቁጥብ ነበረች፤ ለጥያቄው ሁሉ በአንገቷ ብቻ ትመልሳለች። እታለሙ ጨዋታው እንዲሞቅ ብላ፣ «አደራ የኔ እህት፣ ይሄን ሰውዬ በመልኩ እንዳትመዝኚው። ከላይ ሲያዩት ሚኒስትር ነው፤ ካልሲውን ግን እስከ ዛሬ የማጥብለት እኔ ነኝ!» አለቻት። ቤቱ በሳቅ ተናጋ። ልጅቷም ሳቀች። ቀብራራው ብቻ አልሳቀም።

ከዚያ በኋላ ልጅቷ እየራቀች ሄደች፤ በመጨረሻም ሌላ ሰው አገባች። ምክንያቷን የነገረችው ሰው የለም። ቀብራራው ግን «ምክንያቱን አውቀዋለሁ» አለ፤ ዕቃውን ጠቅልሎ ከቤታቸው ወጣ፤ ከወንድሙ ሚስት ጋርም ቃል መለዋወጥ ተወ። ባሏ በመካከል እየተመላለሰ «አንተም ተው፣ አንቺም ተይ» ቢል ቢል አልሆነለትም። እሷ መጀመሪያ አዘነች። ቀጥላ ለመነች። ልመናው ሲሰለቻት እሷም አኮረፈች።

«የአፍ ወለምታ በቅቤ አይታሽም» ይላል ዘበኛው ሁለቱን ባያቸው ቁጥር። «በቅቤ ቢሆን ኖሮማ ሁለተኛው ክፍል እስከ ጣራው ቅቤ ነው፤ አንድ ካርቶን ከፍተን እናሽላችሁ ነበር።»

ሥራ ግን ሥራ ነው፤ ኩርፊያ አለ ተብሎ ቆጠራ አይቀርም። እሱ በፓሌቱ ላይ የተደረደረውን ይቆጥራል፣ እሷ ታረጋግጣለች፣ ኦዲተሩ ይጽፋል። ሁለቱ የሚነጋገሩት በዘበኛው በኩል ነው።

«ጋሼ፣ እዚህ ረድፍ ላይ ያለው ሃምሳ አራት ነው በላት» አለ ቀብራራው። እሷ ክንዱን ቢዘረጋ በሚነካት ርቀት ላይ ቆማለች።

«ሃምሳ አራት ነው ይልሻል።»

«ሰምቻለሁ። ከሥር ያለችዋ የተቀደደች ካርቶንም ተቆጥራለች ወይ በለው።»

«የተቀደደችዋ...»

«ተቆጥራለች በላት።»

«ኧረ በፈጠራችሁ ተዉኝ!» አለ ዘበኛው። «እኔ የተቀጠርኩት በር ልጠብቅ ነው እንጂ ላስተረጉም አይደለም!»

ኦዲተሩ ከመነጽሩ በላይ አሻግሮ አያቸው። «ቋንቋቸው ይለያያል እንዴ?»

«ቋንቋቸውስ አንድ ነው ጌታዬ። የተለያየው ሆዳቸው ነው።»

መካኒኩ ሳቀ። ሁለቱ አልሳቁም።

የቆጠራ ቀን የራሱ ደንብ አለው። ማንም ከውጭ ሰው ጋር እንዳይነጋገር ስልኮች ሁሉ ጠዋት ተሰብስበው በዘበኛው ጎጆ ባለ ቆርቆሮ ሣጥን ውስጥ ይገባሉ። ተቆጥሮ ያለቀ ክፍል ይዘጋል፤ ትልቅ ጓጉንቸር ይገባበታል፤ በጓጉንቸሩ ላይ የተፈረመበት ወረቀት ይለጠፋል፤ ቁልፉ ኦዲተሩ ኪስ ይገባል። ቆጠራው አልቆ እስኪፈረም ድረስ ያንን ወረቀት የቀደደ ሰው በንብረቱ ላይ እጁን እንዳሳረፈ ይቆጠራል። በሮቹን በውስጥ ባለው ብረት ገፍቶ መክፈት ይቻላል፤ ጓጉንቸር ከገባባቸው ግን ብረቱ ቢገፉትም ዋጋ የለውም። ስለዚህ በር ከመዘጋቱ በፊት ኃላፊዋ ደፉ ላይ ቆማ «ማን አለ?» እያለች ሦስት ጊዜ ትጣራለች። ውስጥ ያለ ሰው «አለሁ!» ይላል። መልስ ከሌለ ሰው የለም ማለት ነው፤ ይዘጋል።

የመጀመሪያው ክፍል ዶሮ ነበር፤ ልክ ሆነ። ሁለተኛው ቅቤ ነበር፤ ልክ ሆነ። ሦስተኛው ዓሣ ነው። ከሁሉ የሚቀዘቅዘውም እሱ ነው፤ ማራገቢያዎቹ ሲጮኹ ሰው ከሰው ለመደማመጥ መጮኽ አለበት። ቆጥረው ሲጨርሱ ኦዲተሩ ደመረ፣ ደግሞ ደመረ፣ ከዚያ ብዕሩን በጓንቱ ላይ አንኳኳ።

«ዘጠኝ ካርቶን ይጎድላል።»

«አይሆንም!» አለች ኃላፊዋ። «ከግድግዳው ጋር ያለውን አየነው?»

«አየነው እኮ። ግድግዳና በረዶ ነው ያለው። ለማንኛውም ከምሳ በኋላ ደግመን እንቆጥራለን። ያኔም ያው ከሆነ ግን መጻፌ ነው፤ ምን እንደሚከተል እርስዎም ያውቁታል።»

ታውቀዋለች። ዓሣ ጎድሎበት ከሥራው ብቻ ሳይሆን ከስሙም የተባረረ ሰው ታውቃለች፤ ከእሷ በፊት በዚህች ወንበር ላይ የተቀመጠው ሰውዬ ነው። እግሯ ወደ በሩ ይሄዳል እንጂ ልቧ እዚያው ከካርቶኖቹ መካከል ቀርቷል። ዘጠኝ! ማን ጫነው? መቼ ወጣ? ዘበኛውና መካኒኩ እጃቸውን እያፋተጉ ቀድመዋት ወደ ፀሐይ ወጡ። ከውጭ የሚያስነጥስ ሰው ሰማች። ቀብራራው ነው ብላ ገመተች፤ ዞር ብላ ግን አላየችም። እሱን ዞሮ ማየት ከተወች ቆይታለች።

«እንዝጋ» አለ ኦዲተሩ።

ደፉ ላይ ቆመች። «ማን አለ?» ብላ ተጣራች።

ማራገቢያው ብቻ ጮኸ።

«ማን አለ?»

ሦስተኛውን ስትጠራ ድምፅዋ ከአፏ ብዙም አልራቀ። ሐሳቧ ዘጠኙ ካርቶን ላይ ነበር። መልስ አልመጣም። በሩን ገፋችው፤ ከበድ ብሎ ገጠመ። ጓጉንቸሩ ገባ፣ ወረቀቱ ተለጠፈ፣ ተፈረመበት። ኦዲተሩ ቁልፉን ኪሱ ከትቶ ምሳውን ሊበላ በመኪናው ወጣ።

ሦስቱ በጎጆው ጥላ ሥር የቋጠሩትን ምግብ ፈቱ። እሷ አንድ ጉርሻ ጎርሳ ምግቡን ገፋ አደረገችው።

«ብዪ እንጂ ልጄ። ዘጠኝ ካርቶን ዓሣ ክንፍ አውጥቶ አይበርም፤ ይገኛል» አለ ዘበኛው።

«ያ ሰውዬ ምሳ አይበላም እንዴ?» አለ መካኒኩ አፉ እንደሞላ።

«የቱ ሰውዬ?»

«ቀብራራው ነዋ።»

ከእሷ ጋር ከተኳረፈ ወዲህ ምሳውን የሚበላው ፎርክሊፍቱ ላይ ወጥቶ፣ ጀርባውን ሰጥቷት ነው። ፎርክሊፍቱን አየች። ወንበሩ ባዶ ነው። የምሳ ዕቃው መሪው ላይ እንደተንጠለጠለ ነው፤ አልተከፈተም።

«ሽንት ቤት ይሆናል» አለች።

«ሽንት ቤት የነበርኩት እኔ ነኝ» አለ ዘበኛው። «ለምሳ ከመቀመጤ በፊት ነው የወጣሁት። ማንም የለም።»

«ወደ ውጭ ወጥቶ ይሆናላ!»

«እኔ ሽንት ቤት ሳለሁ ወጥቶ እንደሆነ አላውቅም። በሩ ላይ ከቆምኩ ወዲህ ግን በዚህ አላለፈም።»

ተነሣች። ቀስ ብላ ነበር የተነሣችው፤ ከጎጆው ራቅ ስትል ግን ፈጠነች። ወፍራሞቹ ካፖርቶች ወደሚሰቀሉበት ግድግዳ ሄደች። ለአምስት ሰው አምስት ካፖርት አለ። የተሰቀለው አራት ነው።

«ለመቀመጫ ወስዶት ይሆናል» አለ መካኒኩ ከኋላዋ። «ሁልጊዜ ያነጥፈዋል፤ ሱሪው እንዳይቆሽሽ።»

እውነት ነው፤ ያነጥፈዋል። ፎርክሊፍቱ ላይ ግን ካፖርት የለም። በጓሮው ዞረች፤ በደረቅ ዕቃ ክፍሉ ዞረች፤ ስሙን ጠራች። ስትጣራ ራሷን ሰማችና ክው ብላ ቆመች። እየጠራችው ነው። የማይመልስላትን ሰው እየጠራች ነው። መኖር አለመኖሩ በመልስ አይታወቅም፤ ለእሷ ጥሪ ይህ ሰው ሁልጊዜ የለም።

ሮጣ ወደ ጎጆው ተመለሰች። ቆርቆሮውን ገልብጣ ስልኳን አወጣችና የእሱን ቁጥር መታች። ከእግሯ ሥር፣ ከተገለበጡት ስልኮች መካከል አንደኛው ጮኸ። የኦዲተሩን መታች። እሱም ከዚያው ጮኸ።

«ምን ሆንሽ ልጄ?»

«ሦስተኛው ክፍል ውስጥ ነው!»

«ተጣርተሽ የለም እንዴ? በጆሮዬ ሰምቼሻለሁ።»

«ተጣርቻለሁ። ለእኔ አይመልስም እኮ ጋሼ! ለእኔ አይመልስም!»

ዘበኛው ጉርሻውን ጥሎ ተነሣ።

ሦስቱም ወደ በሩ ሮጡ። በጡጫ ደበደቡት፤ ትራስ እንደመምታት ነው። ጆሮዋን ለጠፈች። ውስጡ ያጉረመርማል። በመካከሉ ድም ያለ መሰላት፤ ደግሞ ሞተሩም ድም ይላል።

«አጥፋው» አለችው መካኒኩን።

«ዓሣው...»

«ሞተሩን አጥፋልኝ ወንድሜ!»

መካኒኩ ሮጦ አጠፋው። ማራገቢያው እየደከመ፣ እየደከመ ሄዶ ቆመ። መጋዘኑ ውስጥ እንዲህ ያለ ዝምታ ሰምተው አያውቁም። ሦስቱ ጆሯቸውን በሩ ላይ ጥለው ትንፋሻቸውን ዋጡ።

ምንም የለም።

«አየሽ፣ የለም» አለ መካኒኩ በሹክሹክታ። «ቢኖር ይመታው ነበር።»

«መምታት ቢችል» አለች።

ዘበኛው ጓጉንቸሩን፣ ቀጥሎም ወረቀቱን አየ። ጎንበስ ብሎ በጆሮዋ፣ «ልጄ፣ ስሚኝ። ዘጠኝ የጎደለበት ክፍል ነው። ከፍተሽው ባይኖርስ? ኃላፊዋ እሽጉን ሰብራ ልትሞላ ነበር፣ ልታወጣ ነበር፣ ነው የሚሉሽ። ውስጥሽን ማን ያይልሻል? ኦዲተሩ እስኪመጣ እንጠብቅ» አላት።

«ምሳውን በልቶ፣ ጥርሱን ጎርጉሮ እስኪመጣ?»

«እኔ ለአንቺ ብዬ ነው።»

«ይበሉኝ» አለች። «ሌባ ይበሉኝ። ዲጂኖህን አምጣ!»

ወረቀቱን የቀደደችው ራሷ ናት። መካኒኩ ዲጂኖውን በጓጉንቸሩ ቀለበት አስገብቶ ተንጠለጠለበት። ጓጉንቸሩ ተጣመመ እንጂ አልተበጠሰም። ዘበኛው አገዘው። ሁለቱ ወንዶች ሲያቃስቱ፣ እሷ በሩን በመዳፏ እየመታች «መጣን! መጣን!» ትላለች። ማን እንደሚሰማት አታውቅም።

«ምን እየሠራችሁ ነው?»

ኦዲተሩ ነው። የመኪናውን በር እንኳ አልዘጋም። የተቀደደው ወረቀት መሬት ላይ ነው። ፊቱ ተለዋወጠ።

«ቁልፉን!» አለች እጇን ዘርግታ።

«ይሄ እኮ የታሸገ...»

«ሰው አለበት! የባሌ ወንድም አለበት!»

«ተጣርተው አልነበር?»

«አያናግረኝም! ስንት ወር ሆነው አያናግረኝም!» ብላ ጮኸች። ለመጀመሪያ ጊዜ ነገሩን ጮክ ብላ መናገሯ ነው፤ እንዲህ ጮክ ብሎ ሲወጣ እንዴት ያለ የሕፃን ነገር እንደሆነ ታወቃት።

ኦዲተሩ ቁልፉን አወጣ። ወደ ጓጉንቸሩ ከተተው። ቁልፉ ግማሽ ድረስ ገብቶ ቆመ። ዲጂኖው አጣሞታል። ወዘወዘው፤ አልዞረም።

«ቆይተን ቢሆን ኖሮ ይከፈት ነበር» አለ ዘበኛው፣ ለማንም ሳይሆን።

መካኒኩ ግን «ዞር በሉ!» ብሎ ኦዲተሩን በትከሻው ገፋው፤ ዲጂኖውን እንደገና ከተተ፤ ኦዲተሩ ኮቱን ጥሎ አብሮ ያዘ። ሦስት ወንድ ተንጠለጠለበት። ብረቱ እንደ ተኩስ ጮኾ ተበጠሰ።

ነጭ ጉም ከእግራቸው ሥር ተንከባለለ። ከበሩ ኋላ ማንም የለም። ኦዲተሩ የያዘውን ትንፋሽ ለቀቀ። እሷ ግን ወለሉን አየች፤ ከበሩ ሥር ከፓሌት የተነቀለ እንጨት ለሁለት ተሰንጥቆ ወድቋል።

ካፖርት ሳትለብስ ገባች። የመጨረሻው ድርድር ከግድግዳው ጋር በሚገናኝበት ጥግ፣ የተዘረጉ ባዶ ካርቶኖች ላይ፣ ጉልበቱን ደረቱ ላይ አጥፎ ተቀምጧል። እግሮቹንም በካርቶን ጠቅልሏቸዋል። ቅንድቡ ላይ በረዶ ይዟል። ዓይኑ ክፍት ነው። አይንቀጠቀጥም።

«ቀብራራው!» አለ ዘበኛው ከኋላዋ።

ዓይኑ ተንቀሳቀሰ።

ተሸክመው ፀሐይ ላይ አወጡት። ዘበኛው እጁን ሊያሽ ሲል መካኒኩ ጮኸ፤ «እንዳታሽ! ቆዳው ይላጣል። ጠቅልሉት፣ ሙቀት ስጡት!» አራቱንም ካፖርት ደረቡበት። ጓንቱን ስታወልቅለት ጣቶቹ እንደ ሻማ ነጥተዋል። ሁለቱን እጆቹን በብብቶቿ ከታ አቀፈችው። ቅዝቃዜው በሸሚዟ አልፎ አጥንቷ ገባ። እንዲያው እንደታቀፈችው ብዙ ቆየች። ከዚያ መንቀጥቀጥ ጀመረ፤ መጀመሪያ አገጩ፣ ቀጥሎ ሙሉ አካሉ፣ እሷንም ጭምር እያናወጠ።

«ጥሩ ነው፣ ይንቀጥቀጥ» አለ መካኒኩ። «ቅድም ነበር የሚያስፈራው።»

ኦዲተሩ መኪናውን ሊያስጠጋ ሮጠ። ቀብራራው ከንፈሩን አላቀቀ። ቃሉ በጥርሶቹ መካከል እየተቆራረጠ ወጣ።

«ሰምቼሽ ነበር።»

«ምኑን?»

«ስትጣሪ። ሁለቴ ሰማሁሽ።»

ካፖርቱን ወደ አገጩ ሳበችለት።

«ራሷ ገብታ ታየኝ የለም ወይ ብዬ... ሌላ ሰው ውስጥ ነው ይበላት ብዬ... ከዚያ በሩ ተዘጋ።»

ብትቆጣው ደስ ይላት ነበር። ቁጣው ግን አልመጣላትም።

«እኔም መልስ ልሰማ ብዬ አልነበረም የተጣራሁት» አለች። «ሦስተኛውንማ ከአፌም አላስወጣሁት።»

ዘበኛው ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

«ደግሞስ ምን ልትሠራ ተመለስክ?» አለች። «ሁሉም ወጥቶ፣ አንተ ምን ቀረህ?»

«ዘጠኙን ልፈልግ ነዋ። ይጽፍብሻል ሲልሽ ሰማሁ።» ጥርሱ ተንገጫገጨ። «ሰባቱን አግኝቻለሁ። ከማራገቢያው ሥር ከግድግዳው ተጣብቀው በረዶ ለብሰዋል፤ ግድግዳ ነው የሚመስሉት። ሁለቱን ግን አላገኘኋቸውም።»

መኪናው መጣ። በኋላ ወንበር አስገቡት። እሷም እጆቹን ከብብቷ ሳታወጣ፣ በጎን እየተንፏቀቀች አብራው ገባች።

ክሊኒኩ ወደ ሆስፒታል መራው። ከግራ እጁ የሁለት ጣቶች ጫፍ ተቆረጠ። ኦዲተሩ በሪፖርቱ እሽጉ የተሰበረበትን ምክንያት አብሮ ጽፎ ነበር፤ ሆኖም ኃላፊዋ ሰው መኖሩን ሳታረጋግጥ በር በመዝጋቷ ከቦታዋ ተነሥታ ወደ ደረቅ ዕቃ ክፍል ተዛወረች። ሦስተኛው ክፍል ማክሰኞ ዕለት በሌላ ሰው ኃላፊነት እንደገና ተቆጠረ፤ ሁለት ካርቶን ጎደለ።